የሴልቃን ቋጠሮ

በእኛ መንደር ዓመቱ የሰዉን ቁጥር ያህል ቀን አለው። ስልሳ ሁለት ሰው ከሆንን ዓመታችን ስልሳ ሁለት ቀን ነው፤ እያንዳንዱም ቀን የአንድ ሰው ነው። ከሁለቱ ፀሐዮቻችን ትንሿ ስትወጣ ባለቀኑ ደጅ ወጥቶ የራሱን ስም ይጠራል፣ እኛም ከየቤታችን «አለን!» እንላለን። ሰው ሲሞት የመንደሩን ቀን የሚቆጥሩት እትዬ ኢቩራ ይመጡና፣ ለየሰዉ አንድ አንድ ቋጠሮ ካለበት የቤቱ ገመድ ላይ የእሱን ይፈታሉ። ቀኑም ከዓመቱ ይወጣል።

ባሌ ሴልቃን የሞተ ጊዜ ግን ደጃፌ ላይ ቆሜ ከለከልኳቸው።

«ይተዉት እትዬ! ሰውየው ሄዷል፣ ቀኑን እንኳ ይተዉልኝ። አንድ ቋጠሮ ማንን ይጎዳል?»

«አንቺ ግትር! ቀኑ ሲደርስ ማን ሊጠራው ነው? ድምፅሽን አወፍረሽ አንቺ ልትጠሪው?»

«አዎ፣ እጠራዋለሁ!»

«እንግዲህ እኔ የለሁበትም» ብለው ሄዱ።

ቀኑ ዛሬ ደረሰ። ጉሮሮዬን ጠርጌ በሩን ልከፍት ስል ከደጅ «ሴልቃን!» የሚል ጥሪ ሰማሁ። የራሱ ድምፅ ነው። መጨረሻው ላይ እንደ ድሮው ሰለል አለ። መንደሩም እንደ ልማዱ «አለን!» ብሎ መለሰ። የደነገጠ ሰው አልነበረም።

እጄ መቀርቀሪያው ላይ ቀረ። ወዲያው የእትዬ ኢቩራን ድምፅ ከበሩ ማዶ ሰማሁ።

«አይዞህ ልጄ። የሚስትህን ቋጠሮ ልፈታ ነው የመጣሁት።»

«ይተዉት እትዬ» አላቸው ሴልቃን። «አንድ ቋጠሮ ማንን ይጎዳል?»