ለውጭ አገር የሚላከው ፊልም

አንሴልም ሚስቱን መጠርጠር የጀመረው ከጦር ሜዳ በተመለሰ በዓመቱ ነው። ሊዮንቲን የፊልም ተዋናይ ናት፤ እሱ ደግሞ የካሜራውን እጀታ እያዞረ ፊልም ያነሳል። ሁለቱ በሚሠሩበት በዥዋንቪሉ ስቱዲዮ እንደ ደንቡ ሁለት ካሜራ ጎን ለጎን ይቆማል። ሌላው ካሜራ አንሺ ጋስቶን የሚያነሳው ፓሪስ ይታያል። የአንሴልም ግን ለውጭ አገር ተብሎ ባሕር ተሻግሮ ስለሚሄድ፣ ከተመለሰ ወዲህ ያነሳውን አይቶት አያውቅም።

ጦር ሜዳ ላይ የመድፍ ፍንዳታ ካናወጠው በኋላ ጣቶቹ አልታዘዝ ብለውታል። ስለዚህ ጨለማ ክፍል ገብታ ፊልም እያስገባችና እያወጣች ካሜራውን የምታሰናዳለት ሊዮንቲን ናት፤ ተዋናይ ሳትሆን በፊት ፊልም አጣቢ ነበረች።

አንድ ቀን በዚያ ክፍል በር ሲያልፍ የፊልሙን አዘጋጅ የሮብላንን ድምፅ ሰማ።

«እስከ መቼ ነው የምንዋሸው፣ ሊዮንቲን?»

«እባክዎ፣ ትንሽ ይታገሱኝ። ካወቀ ይሞትብኛል።»

አንሴልም በእግሩ ጣት ከበሩ ራቀ። እሁድ ቅዳሴ ላይ አጠገቧ ተንበርክኮ፣ ነገሩን ሐሰት አድርግልኝ ብሎ አምላኩን ለመነ።

ሰኞ የሚነሳው፣ የወታደር ሚስት ለትዳሯ ስትል የምትወደውን ሰው የምታሰናብትበት ቦታ ነበር።

«ወፍጮ አይደለም እኮ፣ ቀስ በል» አለው ጋስቶን።

«አንተ የራስህን አዙር።»

ሊዮንቲን የእውነት አለቀሰች። ትዕይንቱ ሲያበቃ ሮብላን ሄዶ እጇን ያዛት፤ እሷም ግንባሯን ትከሻው ላይ ጣለች። ጋስቶን አቁሟል። አንሴልም ግን ማዞሩን አልተወም።

ከጦርነቱ ወዲህ ዓይኑን አያምነውም፤ የሌለ ሰው እያሳየ ያስደነግጠዋል። ካሜራ ግን ያየውን ነው የሚይዘው። ያን መተቃቀፍ ፊልሙ ላይ ካገኘው፣ ቀለበቱን አውልቆ እናቱ ዘንድ ብሬታኝ ሊገባ ቆርጧል።

ሰዉ ለምሳ ሲወጣ ካሜራውን ታቅፎ ጨለማ ክፍል ገባና ቆለፈ። ወዲያው በሩ ተንኳኳ።

«አንሴልም፣ ክፈትልኝ። እኔ ላውጣልህ፤ እጅህ ያበላሸዋል።»

«ምን እንዳለበት አውቃለሁ» አላት።

«አታውቅም። ስለ እመቤታችን ብለህ አትክፈተው፣ የኔ ጌታ።»

 ቀይዋን መብራት አበራና የካሜራውን መክደኛ እንደምንም ፈታው።

ፊልም የሚባል ነገር አልነበረበትም፤ ጥቅሉ የሚሰካበት ዘንግ ላይ ሸረሪት የዓመት ድር አድርቶበታል።