ማይክሮዌቩን ማን ይውሰደው?

ታኒስና ከርቲስ ሠርጋቸውን ለሐምሌ ቆርጠዋል። በጀታቸው ግን የሚበቃው ለኬኩና ለግማሽ ዘፋኝ ነበር።

ስለዚህ መቀነስ ጀመሩ። ሊሞዚኑ ቀርቶ የከርቲስ ፒክአፕ ይታጠባል ተባለ። አበባው ከታኒስ እናት ከሶንያ ጓሮ ይቆረጣል። ቀሚስም አይገዛም፤ ታኒስ የእናቷን ትለብሳለች። የሶንያ ቀሚስ ከአንገቱ እስከ ጫፉ በዶቃ የተጠለፈ ነው። አባቷ ዋልተር፣ «በዚያ ድህነታችን ይሄን እንዴት ገዛሽው?» እያለ እስከ ዛሬ ይደነቅበታል።

እራቱ ግን አልቀነስ አለ። በካናዳዋ ዶፊን ከተማ የሠርግ እንግዳ በጎመን ጥቅልልና በድንች በተሞላ ፒሮጊ ካልጠገበ ጋብቻውን እንደ ጋብቻ አይቆጥረውም። ምግብ አዘጋጇም ቅድሚያ ክፍያው በዚህ ወር ካልገባ ቀኑን ለሌላ እሰጣለሁ ብላለች። ያ ከሆነ ሠርጉ ለከርሞ ነው።

የቀረው ተስፋ ሶሻል የሚሉት ድግስ ነበር። እንደማንኛውም የማኒቶባ እጮኛሞች አዳራሽ ተከራይተው ለሚያውቁትም ለማያውቁትም ሰው መግቢያ ይሸጣሉ። ሰው ይጠጣል፣ ይጨፍራል፣ የዕጣ ቁጥር ይገዛል፤ ትርፉ ለሠርጉ ይውላል። ሽልማቱ ደህና ከሆነ ሰው አይቀርም።

«አጎትሽ ኦረስትስ?» አለ ከርቲስ፣ የሶንያ ወጥ ቤት ተቀምጠው ሲማከሩ። «ከነቤተሰቡ ስምንት ሰው ነው።»

«እሱ መጀመሪያም አልተጠራም» አለ ዋልተር። «የአባቴን ድንጋይ ይመልስ፣ ከዚያ ይበላል።»

ድንጋዩ በበረዶ ላይ እያንሸራተቱ የሚጫወቱበት፣ ባለ እጀታ፣ አንድ ሰው በሁለት እጁ የሚያነሳው ነው። ዋልተር ሊያገባ ሲል ድንጋዩ ከምድር ቤቱ ጠፋ። ወንድሙ ኦረስት እንደወሰደው ዋልተር ቅንጣት ጥርጣሬ የለውም።

«ኧረ ተወው የድንጋዩን ነገር» አለች ሶንያ። «ሁልጊዜ ድንጋይ፣ ድንጋይ!»

በሳምንቱ ከርቲስ ትልቅ ሳጥን ታቅፎ እያለከለከ ገባ።

«ማይክሮዌቭ! በጓደኛዬ ሶሻል ደረሰኝ። ለእኛ ሶሻል ሽልማት እናደርገዋለን። አንድ ወጪ ቀነስን ማለት ነው!»

ሳጥኑ ላይ ፀጉሯን እንደ ድፎ ዳቦ ያስነፋች ሴት ትስቃለች።

«ይሄ እኮ ሙዚየም የሚገባ ነው» አለች ታኒስ።

«አዲስ ነው! እሽጉን ማንም አልነካውም። የደረሰው ሰው ሁሉ ቤቱ ስላለው ለሚቀጥለው ሶሻል ይለግሰዋል።»

ዋልተር ሳጥኑን ደባበሰው። «የእኛም ሶሻል ሽልማት ማይክሮዌቭ ነበር። ያኔ ማን ነበረው? ሶንያ ቀሚሷን ልትገዛ ዊኒፔግ ስትሄድ በሰጠኋት ገንዘብ እሱንም ይዛ መጣች። ሰዉ ጎረፈ! ቄሱ ደረሳቸውና ጨረሩን ፈርተው ሳይከፍቱት ለሌሎች እጮኛሞች ሰጡት።»

ሶንያ አልሳቀችም። «ይሄ ነገር ከቤቴ ይውጣ።»

«ምነው እትዬ ሶንያ?»

«ዛሬ በዕጣ ያገኘውን ይዞ የሚመጣ ወንድ ነገ ቤቱን በዕጣ ያወጣዋል። በል አንሳው! በግራ በኩል ደግፈው፣ ወደዚያ ያደላል።»

ታኒስ መኪና ውስጥ አለቀሰች። «እናቴ አልወደደችህም።»

«ስጦታ ልግዛላት?»

«በየትኛው በጀት?»

ሶንያ በዚያ አላበቃችም። በማይክሮዌቩ ፋንታ ሙሉ የአሳማ ታፋ እሰጣለሁ አለች። ከርቲስ ታፋውን አመስግኖ ተቀበለና ከማይክሮዌቩ ጎን ደረደረው። ከዚያ ወዲያ ሁለት ቀን አላናገረችውም።

የሶሻሉ ዕለት አዳራሹ ጢም አለ። ኦረስት እንኳ እንደ ማንኛውም ሰው መግቢያውን ገዝቶ ገባ። ዋልተር ጀርባውን ሰጠው። ምግብ አዘጋጇ በፖልካው ጭፈራ መሀል ታኒስን በክርኗ ጎሸም አድርጋ፣ «በዚህ ሰው ብዛት ቀኑ የእናንተ ነው» አለቻት።

በየሽልማቱ ፊት የወረቀት ከረጢት ተቀምጧል፤ ሰው የሚመኘው ሽልማት ከረጢት ውስጥ ቁጥሩን ይጨምራል። በሕይወቷ ዕጣ ገዝታ የማታውቀው ሶንያ ሁለት እጅ ሙሉ ቁጥር ገዝታ ሁሉንም ማይክሮዌቩ ከረጢት ውስጥ ዘረገፈችው።

«ምነው ሶንያ፣ የቤትሽ ሞተ እንዴ?» አለች አንዷ ጎረቤት።

«ሁለተኛ ያስፈልገኛል» አለች ሶንያ፣ እጇን ወደ ኪሷ እየከተተች። ሌላ ልትገዛ ነው።

ዋልተር ከሩቅ አያት።

«አየህ ልጄ፣» አለው ከርቲስን፣ «ያኔ ቄሱ ወሰዱባት። ይኸው እስከ ዛሬ ሳትነግረኝ ስትመኘው ኖራለች!» ከዚያ የራሱን ቁጥሮች በሙሉ እዚያው ጨመረላት።

የወጣው የዋልተር ቁጥር ነበር።

ሕዝቡ አጨበጨበ። ታኒስ እናቷን ልታቅፍ ሮጠች፤ ሶንያ ግን በሰዉ መሀል ሾልካ ሳጥኑ ላይ በሁለት እጇ ተደግፋ ቆማለች።

«አትክፈተው! ለሚቀጥሉት ይሰጥ፣ ወጉ ነው!»

«ዛሬ ወጉ ይቀራል፣ ሶንዬ» አለ ዋልተር፣ ዓይኑ እንባ አቅርሮ። «ነገ ሾርባሽን የምታሞቂው በዚህ ነው።»

ሰንጢውን አወጣ። ሶንያ ወንበር ስጡኝ አለች፤ ወንበሩን ያመጣላት ኦረስት ነበር።

ሳጥኑ ውስጥ፣ በዊኒፔግ የሙሽራ ልብስ መደብር ወረቀት በጥንቃቄ የተጠቀለለ፣ እጀታው ላይ የዋልተር አባት ስም የተቀረጸበት ድንጋይ ቁጭ ብሏል።