ከመድረኩ ሥር የተገኘው ገንዳ

ግንበኛው ገላው የመድረኩን የመጨረሻ ጣውላ ነቅሎ እንዳነሣ ወደ ኋላ አፈገፈገና አማተበ።

«እትዬ ዙሌካ፣ ይሄ መቃብር ነው። እኔ መቃብር ላይ አርማታ አላፈስም።»

ዙሌካ ጠጋ ብላ ቁልቁል አየች። ሰባኪው ይቆምበት ከነበረው መድረክ ሥር በሲሚንቶ የተለሰነ ጉድጓድ አለ፤ በግራም በቀኝም ደረጃ ተሠርቶለታል። ሙት በደረጃ ሲወርድ ደግሞ አይታ አታውቅም። የሶላት መታጠቢያ ነው እንዳትል ቤቱ መስጊድ ሆኖ አያውቅም።

ፈረንሳይ ለጋሲዮን ውስጥ ዛሬም ማንም «የዙሌካ ቤት» አይለውም፤ «ጸሎት ቤቱ» ነው። በደርግ ጊዜ ተዘግቶ የቀበሌ እህል መጋዘን ሆነ፤ ደርግ ሲወድቅ ለምእመናኑ ተመለሰ፤ እነሱም ሲበዙ ሰፊ አዳራሽ ሠርተው ወደ ሲ.ኤም.ሲ ሄዱ። እሷ ገዝታ ዳቦ ቤት ልታደርገው ነው። ነገ መጋገሪያው ይመጣል፤ ያን የሚያህል ብረት ደግሞ ጉድጓድ ላይ አይቆምም።

«የጥምቀት ገንዳ ነው» አሉ ከበሩ በኩል።

ጋሽ ለይኩን ናቸው፤ ከመንገዱ ማዶ የሚኖሩት ሽማግሌ። ባርኔጣቸውን አውልቀው በበሩ ደፍ ላይ ቆመዋል። ዙሌካ ክው አለች። የድሮዎቹ ሰዎች «አትንኩት» ሊሉ ልከዋቸው ይሆን?

«ይግቡ አባባ። እርስዎም እዚህ ነበር የሚጸልዩት?»

«እኔማ የሚካኤል ሰው ነኝ፤ እዚህ ቤት ገብቼ አላውቅም። ባለቤቴ ናት፣ ማዕረግ። እዚህ ነው የተጠመቀችው። ሳትሞሉት አንዴ ባየው ብዬ ነው።»

ዙሌካ በጥርጣሬዋ አፈረች። ክንዳቸውን ይዛ እስከ አፋፉ አደረሰቻቸው። ቁልቁል አዩ።

«እህቷን ጎርፍ ነው የወሰዳት» አሉ። «ከዚያ ወዲያ ማዕረግ ድልድይ ስትሻገር እንኳ ዓይኗን ትጨፍን ነበር። ውሃ ውስጥ ሊነክሩኝ ነው ስትለኝ ስለ ሃይማኖቱ መቆጣቴ ቀርቶ ለነፍሷ ፈራሁ። አትሄጂም አልኩ። ሄደች። ተከትያት መጣሁና ውጭ፣ በሩ ፊት ካለው ጥድ ሥር፣ ፊቴን ወደ መንገዱ አዙሬ ቆምኩ። ስትወጣም አኮረፍኳት። ፈርታ እንደነበር አልጠየቅኳትም፤ ይኸው ሳልጠይቃት ሞተች።»

ገላው አካፋውን ግድግዳው ላይ አስደገፈ።

ጋሽ ለይኩን ጫማቸውን አወለቁ። ማንም ያውልቁ አላላቸውም። ገላው መቃብር ነው ማለቱን ረስቶ ቀድሟቸው ወረደና እጃቸውን ያዘ። ቀስ እያሉ ወረዱ። ታች ሲቆሙ የገንዳው አፍ ከደረታቸው አላለፈም።

«ይቺ ናት? ይቺን ነው ያን ያህል የፈራኋት?» አሉ፤ ሊሥቁ ምንም አልቀራቸው።

ከዚያ ዞር አሉና ሣቁ ከፊታቸው ጠፋ። አግዳሚዎቹ ተነሥተው ቤቱ ባዶ ነው፤ ከገንዳው እስከ በሩ፣ ከበሩ እስከ ጥዱ ግንድ የሚከልል ነገር የለም።

«ልጄ፣ ያን ቀንም በሩ ክፍት ነበር» አሉ። «መዝሙሩ ውጭ ድረስ ይሰማኝ ነበር። እስቲ ሄደሽ ጥዱ ሥር ቁሚልኝ። ፊትሽን ወደ መንገዱ አድርጊ።»

ዙሌካ ሄዳ ቆመች። ከፊቷ አንድ ሚኒባስ ወደ እንጦጦ የሚወስደውን ዳገት እያቃሰተ ይወጣል። ከኋላዋ ምንም አይሰማም። ማዕረግ ያን ቀን ያየችውን ጀርባ እያሳየቻቸው እንደሆነ ገባት። ጥቂት ታገሠች፤ ከዚያ በላይ አልቻለችም፤ ዞረች።

በቤቱ ጨለማ ውስጥ፣ ከወለሉ ትንሽ ከፍ ብሎ፣ የጋሽ ለይኩን ሽበት ይታያል። እጃቸውን አነሡ። እሷም አነሣችላቸው።