ዶክተር አክሊሉ ያልጠየቀው ጥያቄ

በፈረንጆቹ ሰማንያ አምስት ይሁን ሰማንያ ስድስት እርግጠኛ አይደለሁም። አንዳንዱን ነገር አዛንፌ ይሆናል፤ ዋናው ግን እንዲህ ነበር።

ወይዘሮ ብዙነሽ አሜሪካ፣ ቻምብሊ ውስጥ ከልጃቸው ከአክሊሉ ጋር ይኖሩ ነበር። አክሊሉ ለቀዶ ሕክምና የሚገቡ በሽተኞችን የሚያደነዝዝ ሐኪም ነው። ጎረቤታቸው ዘውድነሽ ለሐሞት ጠጠር ሆስፒታል የገባች ጊዜ፣ ብዙነሽ በቀዶ ሕክምናዋ ቀን በማለዳ በአውቶቡስ ሄደው ጠየቋት። በሽተኛ ባዶ እጃቸውን ጠይቀው አያውቁም።

«አይዞሽ፣ የሚያስተኛሽ የኔው ልጅ ነው» ብለው ግንባሯን ስመው ተመለሱ።

ዘውድነሽ አልነቃችም። ደንዝዛ ተኝታ ሳለ ከሆዷ የወጣ ነገር ትንፋሿን አፍኖት ሞተች።

«ስህተት ብቻ ቢሆን በካሳ ያልቅ ነበር» አላቸው የአክሊሉ ጠበቃ በአስተርጓሚ። «ልጅዎ ግን ከማደንዘዙ በፊት መጠየቅ ያለበትን እንዳልጠየቃት በገዛ አፉ ቃል ሰጥቷል። አደጋውን እያወቀ ችላ ብሏል ማለት ነው። ይህ ወንጀል ነው፤ ያሳስራል።»

ብዙነሽ ማታ ልጃቸው እግር ላይ ወደቁ።

«ምን ነበር የምትጠይቃት?»

«የሙያ ነገር ነው፣ እማዬ። ይነሡ።»

«ያን ሁሉ ተምረህ ረሳሁት ትለኛለህ? ማንን ነው የምትሸፍነው?»

አክሊሉ ደግፎ አነሣቸውና ወደ ክፍሉ ገባ።

ብዙነሽ ግን ጠረጠሩ። በዚያ ቀን አብራው የሠራችው ነርስ ሣራ ናት። ጴንጤ ናት፤ ስሙን ስትጠራም ፊቷ ይቀላል። ከዘውድነሽ ሞት ወዲህ ደግሞ ሁለቱ በስልክ ያንሾካሹካሉ፤ እሳቸው ሲገቡ ወሬው ይቋረጣል።

የዘውድነሽ ለቅሶ ቤት በሰው ፊት ያዟት። «አንቺ አጥፍተሽ ልጄ ሊታሰርልሽ ነው? መዝሙርሽ ያስተማረሽ ይህን ነው?»

ሣራ አንገቷን ደፋች። «ይሁን፣ እማማ። እኔ ልሁን።»

ብዙነሽ እህል አስጠላቸው። አቃቤ ሕጉ ቢሮ ደጃፍ ተንበርክከው ቢያለቅሱ ዘበኛ ደግፎ አስወጣቸው። «ጤናዬም ልጄም፣ ያቺ ቀይ ክር ያሰርኩባት ፔርሙሴ እንኳ ሳትቀር፣ ሁሉም ከእጄ ወጣ» ይሉ ነበር።

አክሊሉ ጥፋተኛ ነኝ ብሎ ተፈረደበት።

የሰማሁት የመጨረሻው ወሬ አክሊሉ እስር ቤት በገባበት ቀን የሆነው ነው። ብዙነሽ በቀጥታ ሣራ ቤት ሄዱ።

«ነገ ዳኛው ፊት ቆሜ እሷ ናት ብዬ እምላለሁ። በሐሰትም ቢሆን እምላለሁ!»

ሣራ ብዙ አለቀሰች።

«ጠይቋታል፣ እማማ። አጠገቡ ቆሜ ሰምቻለሁ። ‹የለም› አለችው።»

«ታዲያ ለምን ጠየቅኋት አይልም?»

ሣራ ቁም ሣጥኗን ከፍታ፣ እጀታው ላይ ቀይ ክር የታሰረበት ፔርሙስ ጠረጴዛው ላይ አኖረች። በውስጡ የነበረው አጥሚት አፉ ላይ ደርቋል።

«ከሞተች በኋላ ከአልጋዋ ሥር አንሥቶ የደበቀው እሱ ነው፤ ጠየቅኋት ቢል ማን እንዳመጣላት ይፈለግ ነበር። ጥያቄው ‹ዛሬ የቀመስሽው ነገር አለ ወይ?› የሚል ነበር።»