ቫልቩን የቀየረው

አናጢው በሚስቱ ጉዳይ ቀልድ አያውቅም፤ ጥላዋን እንኳን ይጠረጥራል። የልብስ ማጠቢያ ማሽናቸው ጠፍቶም ውሃ እየሳበ ሲያስቸግር፣ የጥገና ሠራተኛ ቤቱ እንዳይገባበት ብሎ የውሃ ማስገቢያውን ቫልቭ ራሱ ገዝቶ ከሥራ በጊዜ ተመለሰ።

ካቻቢቴውን ይዞ ወደ ማሽኑ ሲሄድ ሚስቱ ሳቀች።

«ደግሞ ምን ልትፈታ ነው? አሁን ቀይረኸው የለ እንዴ?»

የጀርባ ክዳኑን ሲከፍት እውነትም አዲስ ቫልቭ ተገጥሟል። አሮጌው ወለሉ ላይ ተጥሎ ገና ውሃ ያንጠባጥባል። ደሙ ፈላ።

«ማነው የመጣው?» አለ ጥርሱን ነክሶ።

«አንተ ነህ እንጂ ማን ይመጣል? ደግሞ የዛሬው ጨዋታህ! ስታስቀኝ አይደል እንዴ የዋልከው?»

አናጢው ሚስቱን ካሳቃት ዓመታት አልፈዋል። ያ ሰው ማንም ይሁን ማን፣ በእጁ ቢገባ አንቆ ሊገድለው ተመኘ።

ይሄኔ ከመታጠቢያ ክፍሉ፣ «የኔ ቆንጆ፣ እስቲ ፎጣ አቀብይኝ» የሚል ድምፅ ተሰማ። የራሱ የአናጢው ድምፅ ነበር፤ እሱ ግን አንድም ቀን «የኔ ቆንጆ» ብሏት አያውቅም።

«መጣሁ!» አለች ሚስቱ፤ ፎጣውን አነሳችና ፈገግ እንዳለች፣ አሁን ያናገረችው ሰው እዚያ የቆመ እንኳን ሳይመስላት በአጠገቡ አለፈች።