ያልተመለሰው ድስት

ስንዱ በምትኖርበት ከተማ ጊዜ እንዳሻው ወደ ኋላ ይንሸራተት ነበር። የተሰበረ ዕቃ ተመልሶ ይገጥማል፤ ሰው ግን የሆነበትን አይረሳም። ባሏ ደርቤ ዕቃ ሲሰብርም፣ ክፉ ሲናገራትም «ተይው፣ ይመለሳል» ብሎ ያልፋል።

ዛሬ ጠዋት ጊዜ ወደ ኋላ እንዳይመለስ የሚያረጋ መሣሪያ አደባባዩ ላይ ተተክሎ ሥራ ጀመረ። ከሰዓት በኋላ ደርቤ የእናቷን የሸክላ ድስት ጥሎ ሰበረው። እንደ ልማዱ እጁን ኪሱ ከቶ ጠበቀ። ስባሪው ከወለሉ ንቅንቅ አላለም። ስንዱን ድስቱ አንገበገባት።

ደርቤ ጉሮሮውን ጠረገ። «ስንዱ፣ ይቅር በይኝ» አለ። በአሥራ አራት ዓመት ትዳር ይህን ቃል ከአፉ ስትሰማ የመጀመሪያዋ ነው።

በረጅሙ ተነፈሰች።

«መጥረጊያው ከበሩ ኋላ ነው» አለችው።