ያላለቀ ቃል

«ትመለሳለህ ወይስ ማሽንህን ለሌላ ሰው እንስጠው?» ብሎ የጠየቀው የአናጺው የሥራ ባልደረባ ነበር። አናጺው አልጋው ላይ ቀና ብሎ «እመ…» አለ። የቀረውን ከጉሮሮው ሲጎትት ታላቅ እህቱ በመሐረብ አፉን ጠረገችለት። «እመርቅሃለሁ ማለቱ ነው። ስጡት፣ ሌላ ሰው ይሥራበት» አለች።

የአናጺው ደም ፈላ። ሕመሙ ምላሱንና አንድ እጁን ካሰረው ሦስት ወሩ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ያስጨረሰችው ዓረፍተ ነገር የለም። መስኮት ሊል ሲጀምር ብርድ ልብስ ትደርብበታለች። ክፋት የለባትም፤ ቤቷን ዘግታ ነው መጥታ የምታስታምመው። አሁን ግን የሃያ ዓመት ሙያውን በአንድ ቃል ሸኘችበት። «እመ…» አለ እንደገና። መሐረቡ ተመልሶ ሲመጣ በደህና እጁ እጇን ለቀም አድርጎ ፍራሹ ላይ ተጫነው። በዕድሜው እትዬን ቀና ብሎ አይቷት አያውቅም፤ ዓይን ዓይኗን እያየ «እመ…ለ…ሳለሁ!» ብሎ ጮኸ።

«እኔ እኮ ላንተው ብዬ…» አለች፣ እንባዋ እየመጣ። እጇን አልለቀቀውም።

«መቼ?» አለ ባልደረባው፣ ወደ እሷ ሳይዞር።

«ሰ…» አለ አናጺው። የእህቱ ከንፈር ተከፈተ። አፈጠጠባት፤ መልሳ ገጠመችው። ላቡ በግንባሩ እስኪወርድ ድረስ ማንም አላገዘውም።

«ሰኞ» አለ።